የአያ ወንድይራድ የቴሌቪዥን ዘመን

ጎርጎራ ያደገ ሰው ሁሉ የአያ ወንድይራድን አንድ ሁለት ጨዋታ አያጣም። እኔም ከአጎቴ እንደሰማሁት ነው የማወራው፤ ጨው ጣል ካደረግሁበት ይቅር በሉኝ። አያ ወንድይራድ በደርግ ጊዜ ከደንገል ታንኳ የሚሠራ ሰው ነበር። ስለ ጣና ዘጋቢ ፊልም ሊሠራ የመጣ ሁሉ እሱን ሳይቀርጽ አይመለስም። ስሙን የጠየቀው ግን አልነበረም፤ ከምስሉ ሥር ሁልጊዜ «የአካባቢው ነዋሪ» ተብሎ ይጻፋል።

ፊልሙ በሚተላለፍበት ቀን ዓይነ ስውር እናቱን እማሆይ ደብሪቱን ደግፎ ከቀበሌው ቴሌቪዥን ፊት ያስቀምጣቸዋል። ገና አፉን ሲከፍት የተራኪው ወፍራም ድምፅ ይመጣና ይሸፍነዋል። «ታዲያ አንተ የታለህ?» ይሉታል። «ይኸው እያወራሁ እኮ ነው» ቢላቸው አያምኑትም። ድምፁን አንድ ቀን እንኳ ከዚያ ሣጥን ሳይሰሙ እንዳይሞቱበት ይፈራ ነበር። ያ ያንገበግበዋል፤ ሌላው ሁሉ ለእሱ ጨዋታ ነው።

አንድ ዳይሬክተር ታንኳው ተሠርቶ ካለቀ በኋላ፣ «ፀሐዩ አልተመቸንም፤ ፍታውና እንደገና ሥራው» አለው።

«ፀሐዩን ተቆጡት እንጂ ታንኳው ምን አጠፋ?»

እነዚሁ ፊልም ሠሪዎች የጎረቤት ለቅሶ ላይ ካሜራቸውን ተሸክመው ደረሱ። አልቃሹ እንባውን ጠርጎ ንፍሮ መቆርጠም ከጀመረ በኋላ፣ «አልተቀረጸም፤ እባካችሁ አንዴ ድገሙልን» ብለው ለመኑ።

«እኛ ጨርሰናል» አለ አያ ወንድይራድ፣ «ሟቹን ጠይቁት፤ እሱ ጊዜ አለው።»

የአውራጃው አስተዳዳሪ ደግሞ ካሜራ ሲያዩ የማያስችላቸው ሰው ነበሩ። ታንኳ ስቀዝፍ ካልተቀረጽሁ አሉ። ዋና አይችሉም። አንድ እግራቸውን አንሥተው፣ «ይኼ ነገር አይሰምጥም?» ብለው ጠየቁት።

«ታንኳው አይሰምጥም፣ ጓድ። እርስዎን ግን የሠራሁት እኔ አይደለሁም።»

በመጨረሻ አዲስ አበባ ለቀጥታ ስርጭት ተጠራ። በቀጥታ ስርጭት ላይ ደርቦ የሚተርክ እንደሌለ ሲነግሩት ደስታውን አልቻለውም። እማሆይ በዚያ ሰሞን ከአልጋ አይነሡም ነበር፤ ጎረቤቶች በቃሬዛ ተሸክመው ቀበሌ አደረሷቸው።

አቅራቢው ግን ራሱ ጠይቆ ራሱ የሚመልስ ሰው ሆኖ ተገኘ። «አባታችን፣ ታንኳ መሥራት ከባድ ነው፣ አይደል? አዎ፣ እጅግ ከባድ ነው። ከአባትዎ ነው የተማሩት? እርግጥ ነው፣ ከአባታቸው ነው።» አያ ወንድይራድ አፉን በከፈተ ቁጥር ሌላ ጥያቄ ከነመልሱ ይከተላል። ቀበሌ የተቀመጡት እማሆይ፣ «ዛሬም የለበትም፤ መልሱኝ» አሉ። ሰዓቱ ሊያልቅ ሲል አቅራቢው ለስንብት ንግግሩ አየር ሊስብ ቆም አለ። አያ ወንድይራድ ማይክሮፎኑን በሁለት እጁ ያዘ።

«እናቴ፣ ይኼ ሰውዬ ትንፋሽ ሲወስድ የምትሰሚው እኔን ነው።»