«ማነህ» የሚለው ስም በጉማምባ

በበሽሎ ወንዝ ገደል አፋፍ ላይ፣ ጉማምባ በምትባለው የደጋ መንደር፣ በሌላ አገር እምብዛም የማይሰማ የወንድ ልጅ ስም አለ፤ «ማነህ» ይባላል። ስሙን መጀመሪያ የሰማ እንግዳ መሳቁ አይቀርም። ከቆላ በቅሎ ሊገዛ የወጣ አንድ ነጋዴ መንገድ ላይ ያገኘውን ጎረምሳ «ማነህ አንተ?» ቢለው፣ ልጁ ቆም ብሎ «አቤት፣ ምን ልታዘዝ?» አለው፤ ነጋዴው «ስምህን እኮ ነው የጠየቅሁህ» ሲለው ደግሞ «ታዲያ በስሜ አይደል የጠሩኝ?» ብሎ መለሰለት እያሉ የአገሩ ሰዎች ራሳቸው ያወሩታል። ሲያወሩት ወጣቶቹ ይስቃሉ፤ አዛውንቶቹ ግን ፈገግ ብቻ ይላሉ። ስሙ የወጣው ከሐዘን ነው፣ ሐዘኑም የአንዲት ሴት ነው ይባላል።

ሴቲቱ ዘርትሁን ትባል ነበር። ባሏ ጓንጉል ቁመቱ ረጅም፣ ነገሩ አጭር፣ በአገሩ የተከበረ ገበሬ ነበር፤ ላቀው የሚባል አንድ ልጅ ወልደው ነበር። እንደሚነገረው ያ ዘመን ከብት በበሽታ ያለቀበት፣ ዝናብ የነጠፈበት፣ ሰው የቅጠል ሥር ቆፍሮ የበላበት ክፉ ቀን ነበር። የጓንጉል ወንድሞች አንድ ባንድ አለቁ። ዘርትሁን የልጇ እግር ሲያብጥ ባየች ጊዜ በቆላ የሚኖረው ወንድሟ እህል አላጣም ሲባል ሰምታ ነበርና፣ ልጁን ከመንገደኛ ጋር ልትሰደው ቆረጠች። ጓንጉል «የመጣው ይምጣ፣ አብረን እንሁን» ቢላት እሺ አላለችም።

«ዓይኔ እያየ በራብ ከሚሞትብኝ፣ እሱ በልቶ እኔ በናፍቆት ልሙት» አለች።

ልጁ እያለቀሰ ቁልቁል ወረደ። እሷም ከአፋፉ ቆማ፣ ከታች ያለው ቁጥቋጦ እስኪሰውረው ድረስ አየችው፤ ከዚያ በኋላ በሕይወት አላየችውም።

ልጁ ከሄደ በኋላ ነው ዝናቡ የተመለሰው። እህል ሲበቅል ግን ሽፍታም አብሮ በቀለ፤ ከበረሃው እየወጣ ጎተራ መገልበጥ፣ ሰው መግደል ያዘ፤ ልጁን ለማስመለስም መንገዱ አስፈራ። ጉማምባ ዙሪያዋ ገደል፣ መውጫዋም አንዲት ቀጭን መንገድ ስለሆነች፣ መንደርተኛው መክሮ በመንገዱ አናት ላይ ትልልቅ ድንጋይ ከመረ፤ ክምሩንም በወይራ ግንድ ደገፈው። ግንዱ ሲነሳ ድንጋዩ ሁሉ ወደ መንገዱ ይናዳል። በሩን እንዲጠብቅ የተመረጠው ጓንጉል ነበር፤ ሕጉም ቀላል ነበር። ጠባቂው ከላይ ሆኖ «ማነህ?» ይላል፤ የሚወጣው ሰው ስሙንና የአባቱን ስም ይናገራል፤ ተጠርቶ ተጠርቶ ዝም ያለ እንደሆነ ግንዱ ይነሳል። ሽፍቶቹ ይህን ስላወቁ መንደሩ ትንፋሽ አገኘ፤ ዘርትሁንም ከቤቷ ሆና የባሏን «ማነህ?» ስትሰማ፣ መልሱንም ስትሰማ፣ ሥራዋን ትቀጥል ነበር።

ከቆላ የሚመጣ መንገደኛ «ላቀው ደህና ነው፣ ጢም አብቅሏል» ይላት ነበር። በኋላ ግን ወሬው ጠፋ። ንዳድ በቆላው ገብቶ ወንድሟን መግደሉን፣ ልጇም ከሞት አፋፍ ቢመለስ ጆሮው ደንቁሮ መቅረቱን የነገራት አልነበረም።

ነሐሴ ላይ ነው ይላሉ፤ ጉሙ ከገደሉ ተነሥቶ መንደሩን የዋጠበት አንድ ጧት። ዘርትሁን ገብስ ትፈትግ ነበር። የባሏን ድምፅ ሰማች፤ «ማነህ?» ይላል። መልስ የለም። አሁንም ከፍ አድርጎ ተጣራ። ዘነዘናዋን ይዛ ቀጥ አለች። ድምፁ ሦስተኛ ሲመጣ ጩኸት ሆኖ ነበር፤ ከዚያም መሬቱ ተንቀጠቀጠና ድንጋዩ እየተንኳኳ ገደሉን ሲወርድ ተሰማ። «እግዜር ይማረው፣ ማንም ይሁን ማን» ብላ አማተበች፤ መፈተጓንም ቀጠለች።

ጉሙ ሳሳ ሲል ጓንጉል ጦሩን ይዞ ወረደ። አንድ ጎልማሳ በድንጋዩ መካከል ተዘርሮ አገኘ፤ ተሸክሞት የነበረው ስልቻ ተቀዶ ማሽላው በመንገዱ ላይ ፈሷል። ጓንጉል ሰውየውን አላወቀውም፤ የሰደዱት ሕፃን ልጅ ነበርና። እሱ እዚያው ቆሞ ሳለ ከታች አንዲት አሮጊት ሸክላ ሻጭ እያለከለከች ደረሰች፤ አስከሬኑን ስታይም እንሥራዋን ጥላ ደረቷን መታች።

«ወየው! ምን ቢበድላችሁ ገደላችሁት?»

«ጠራሁት» አላት ጓንጉል፤ «እየጠራሁት ዝም ብሎኝ ወጣ።»

«የማይሰማ ሰው ምን ብሎ ይመልስልህ? ጆሮውን ንዳድ ደፍኖበታል እኮ! ያንን ሁሉ መንገድ እኔን ሲደግፍ መጥቶ፣ እዚህ ሲደርስ ነው ትቶኝ የሮጠው። ካፋፉ ላይ ቤታችን ይታያል፣ እናቴ ደጅ ትሆናለች፣ እያለ...»

«እናቱ ማን ትባላለች?» አለ ጓንጉል። ድምፁ የሰው አይመስልም ነበር ትል ነበር አሮጊቷ በኋላ ስትናገር።

«ዘርትሁን ይላታል።»

ጓንጉል ልጁን ተሸክሞ ወደ ቤቱ ወጣ። ዘርትሁን ከደጅ ቆማ ሲመጣ ስታየው፣ ሽፍታ ተሸክሞ ወደ ቤቷ የሚያመጣበት ምክንያት አልገባትም። «ማነው?» አለችው። ዝም አለ። «ጓንጉል፣ ማነው ያመጣኸው?» አለችው ደግማ። ከክንዱ ላይ የተንጠለጠለውን እግር አየች፤ ትንሿ ጣት ባጠገቧ ባለችው ላይ ተደርባለች። ያችን ጣት በሕፃንነቱ በቅቤ እያሸች ልታቀናት ስትሞክር የኖረችው እሷ ናት። ከዚያ ወዲያ የሆነውን የሚተርክ የለም፤ ሽማግሌዎችም እዚህ ላይ ሲደርሱ ያልፉታል።

ነፍስ ጠፍቷልና በአገሩ ልማድ የደም ሽማግሌ ተቀመጠ። የሟች ወገን ባንድ በኩል፣ የገዳይ ወገን በሌላው በኩል ሆኖ፣ ሽማግሌዎቹ በመካከል ይሆናሉ። ያን ቀን ግን ጓንጉል አንገቱን ደፍቶ ለብቻው ቆመ፤ ከፊት ለፊቱም ዘርትሁን ለብቻዋ። የሽማግሌዎቹ አለቃ አያ ፈንታ ይባሉ ነበር።

«የሟች ወገን ማነው?» አሉ።

«እኔ ነኝ» አለች ዘርትሁን።

«የገዳይስ ወገን?»

የጓንጉል ወንድሞች በክፉ ቀን አልቀዋል። ዘርትሁን ባሏን አየችው፤ ከዚያም እንባዋን በነጠላዋ ጫፍ ጠርጋ፣ «እሱስ ቢሆን ከኔ ሌላ ማን አለው? እኔው ነኝ» አለች።

አያ ፈንታ ፊታቸውን በጋቢያቸው ሸፈኑ ይባላል። ኋላም «እንግዲህ ልጄ፣ ምን ይካስሽ?» አሏት።

«ከበረቴ ወጥቶ ወደ በረቴ የሚገባ ከብት ምን ያደርግልኛል? ልጄንም ለሞት የሰደድኩት እኔ ነኝ። እሱን ብቻ አትጠይቁት። አንድ ነገር ግን ማሉልኝ። ከእንግዲህ በዚያ በር ላይ ከሩቅ ሆኖ የሚፈርድ አይኑር። የሚጠይቅ ሰው ወርዶ፣ ቀርቦ፣ ፊት አይቶ ይጠይቅ።»

ሽማግሌዎቹ ማሉላት። የተረፈውንም ድንጋይ መንደርተኛው እየተሸከመ ለላቀው መቃብር ካበው። ጓንጉልም በበኩሉ ያንን የጥያቄ ቃል ዳግመኛ ከአፉ ላያወጣ ማለ።

እርቁ በአደባባይ ቢወርድም ቤት አልገባም። ባልና ሚስት በአንድ ጣራ ሥር፣ በአንድ መሶብ ቀርበው፣ ሳይነጋገሩ ብዙ ጊዜ ኖሩ። ዘርትሁን ልትጠላው ትሞክርና ያቅታታል፤ ልታዝንለት ስትል ደግሞ ያ የድንጋይ ጩኸት ጆሮዋ ውስጥ ይወርዳል። «ይቅር ብዬው ነበር፤ ልቤ ግን አልሰማኝም» ብላ ለነፍስ አባቷ ተናግራለች ይላሉ።

አንድ ቀን፣ ዳግመኛ በክረምት፣ ጉሙ እንደ ወትሮው መንደሩን ሸፍኖ ሳለ ውኃ ልትቀዳ ስትወርድ፣ በመንገዱ ላይ የሰው ጀርባ አየች። ስልቻ ተሸክሞ ሽቅብ ይወጣል፤ ጥቂት ወጥቶ ቆም ይላል፣ መልሶ ይወርድና እንደገና ይጀምራል። ጓንጉል ነበር። «ጓንጉል!» ብላ ጠራችው። ዞር አላለም። ጮኻ ብትጠራውም ዞር አላለም። ተናደደች፤ ከዚያም ደነገጠች፤ እንሥራዋን አስቀምጣ እየሮጠች ደረሰችበትና ትከሻውን ያዘችው። ዘወር ሲል ሁለቱም ጆሮዎቹ በባዘቶ ተደፍነዋል።

ባዘቶውን በጣቶቿ አወጣችለት።

«ምን እያደረግህ ነው?»

«ምናልባት ጥቂት ይሰማ እንደነበር ላውቅ ብዬ» አላት። «ድምፄ ደርሶት እንደሆነ... የአባቱ ድምፅ መሆኑን አውቆ፣ እንኳን ደህና መጣህ የምለው መስሎት እንደሆነ።»

«ተሰማህ?»

«ምንም አይሰማም፣ ዘርትሁን። ጉሙ ብቻ ነው ያለው።»

እሷም ትከሻውን አልለቀቀችም። እዚያው ማሽላው በፈሰሰበት መንገድ ላይ ቁጭ ብለው፣ ልጃቸው ከሞተ ወዲህ አብረው ያላለቀሱትን ለቅሶ አለቀሱ።

ከዚያ በኋላ ዘርትሁን ዕድሜዋ ገፍቶ ሳለ፣ ማንም ሳይጠብቅ፣ አረገዘች። ወንድ ልጅም ወለደች። ክርስትና በተነሳ ዕለት ለደስታው የመጡት ጎረቤቶች እንደ ልማዱ «ልጁን ማን አላችሁት?» ብለው ጠየቁ። ጓንጉል «ካሣ ይባል» አለ፤ ያዘነ ቤት የሚያወጣው ስም ነውና ሁሉም ተገቢ ነው አሉ።

«የለም፤ ለላቀው ካሣ የለውም» አለች ዘርትሁን። «ይህ ልጅ ለራሱ የመጣ ልጅ ነው። ስሙ ማነህ ነው።»

ጓንጉል የያዘውን ዋንጫ አስቀመጠ።

«ይህን ቃል ላልናገር መማሌን እያወቅሽ?»

«አውቃለሁ። አንተ ላትጠራ ማልህ፤ እኔ ግን ያ ጥሪ መልስ ሳያገኝ በጆሮዬ እንደቀረ ነው። ሰው ሲመልስበት ሰምቼ ልሙት።»

ጓንጉል ተነሥቶ ወጣ። ልጁን ይወደው ነበር፤ አዝሎት ይዞራል፣ ከእጁ ያጎርሰዋል፤ በስሙ ግን አይጠራውም። «አንተዬ» ይለዋል፣ «ጌታው» ይለዋል፣ አንዳንዴም በፉጨት ይጠራዋል። ዘርትሁን እያየች አላስገደደችውም።

ልጁ በእግሩ መሮጥ ከጀመረ በኋላ ነው፤ ግልገል ተከትሎ ከደጅ ወጣ። ጓንጉልና ዘርትሁን ከጓሮ ሲመለሱ ልጁ የለም። ጉሙ ደግሞ እንደ ግድግዳ ሆኖ ወደ አፋፉ የሚወስደውን ሜዳ ጋርዶታል። ዘርትሁን ልትጣራ አፏን ብትከፍት ድምፅ እምቢ አላት። ጓንጉል አፏጨ፤ ምንም። «አንተዬ!» አለ፤ ምንም። ዘርትሁን እጁን ጨብጣ ፊቱን አየችው። ከዚያም ያ የጥንት ድምፁ፣ በሩ ላይ ሲቆም የነበረው ድምፁ፣ ከደረቱ ወጣ።

«ማነህ!»

ጉሙ ዝም አለ። ጓንጉል ወደ አፋፉ ሲራመድ ዘርትሁንም እጁን ሳትለቅ ተከተለችው።

«ማነህ! ማነህ ልጄ!»

«አቤት አባባ!» አለ ከነጩ ውስጥ፣ ከአፋፉ ወዲህ፣ አንድ ቀጭን ድምፅ። «እዚህ ነኝ!»

ጓንጉል ድምፁን ተከትሎ ሮጠ። ዘርትሁን ስትደርስ ባሏ ልጁን አቅፎ መሬት ላይ ተቀምጦ፣ እያለቀሰ፣ ደጋግሞ ስሙን ይጠራዋል፤ ልጁም የአባቱ ነገር ግራ ገብቶት፣ በጠራው ቁጥር «አቤት» ይላል። እሷም አጠገባቸው ቁጭ አለች። ያን ቀን ልቧ ዳነ የሚሉ አሉ፤ እንዲህ ያለው ልብ አይድንም፣ ማረፊያ ብቻ አገኘ የሚሉም አሉ።

ከማነህ ዘር የሆኑ ቤተሰቦች፣ ከነሱም አልፎ ልጅ የሞተባቸው ሌሎች የጉማምባ ሰዎች፣ እስከ ዛሬ ይህን ስም ያወጣሉ። በክረምት ጧት በዚያ መንደር ያደረ እንግዳ እናቶች ከየደጁ «ማነህ!» ሲሉ፣ ከጉሙ ውስጥም ካንድ በላይ ድምፅ «አቤት» ሲል ይሰማል። መልሱ የዘገየ እንደሆነ ግን በጉማምባ ደግሞ የሚጣራ የለም፤ የጠራው ሰው የያዘውን ጥሎ ተነሥቶ ይሄዳል።