ትልም መሃል የተፈታ ቀንበር

እኛ የመረሬ፣ የጥቁር አፈር አገር ሰዎች፣ እጁን አጣጥፎ «ወይኔ! ወይኔ!» የሚል ሰው ስናይ የምንተርታት አንዲት ምሳሌ አለችን። ከሜዳ የተለቀመች እንዳትመስላችሁ። ባለቤቷ ደምለው ነው፤ እንዴት ያለ ሰው መሰላችሁ!

ደምለው አንድ በሬ ነበረው፤ ጎረቤቱ መንበሩም አንድ። በሬዎቻቸውን አቀናጅተው በተራ ያርሱ ነበር። ነሐሴ ላይ የመንበሩን የጤፍ ማሳ ሲያርሱ ደምለው ልቡ ወደ ራሱ ማሳ ሸፈተ። «የኔ ይቅደም» አለ። መንበሩ «ተራው የኔ ነው» ቢለው ደሙ ፈላ፤ ትልሙ መሃል ቀንበሩን ፈቶ በሬውን እየነዳ ቤቱ ገባ።

መንበሩ ከአማቹ በሬ ተውሶ ዘራ። ደምለው ግን ያልዞረበት ደጅ የለም። «ትልም መሃል ቀንበር ከሚፈታ ጋር ማን ይቀናጃል?» እያሉ መለሱት። ክረምቱም ሳያዝንለት ወጣ። መስከረም ሲጠባ የሰው ማሳ አረንጓዴ፣ የሱ ጥቁር። ሚስቱ የሺመቤት «ልጆቹን ምን ላበላቸው ነው?» ስትለው ከማሳው ዳር ተቀምጦ «ወይኔ! ወይኔ!» ሲል ሰነበተ።

በመስቀል ማግስት ግን ተነሳ። ይቅርታ ጠያቂ ድንጋይ ይሸከም የለም? እሱ ያንኑ የፈታውን ቀንበር ተሸክሞ መንበሩ ደጅ ቆመ። የአገሩ ሽማግሌ አባ ይብሬም እዚያው ተቀምጠዋል።

«ድንጋዩስ?» አለ መንበሩ ተኮሳትሮ።

«ድንጋይ አያርስማ! ወንድሜ፣ ጥፋቱ የኔ ነው፤ ማረኝ። ጤፉስ አምልጦኛል። መሬቱ ግን ገና እርጥብ ነው፤ ሽምብራ ያበቅላል።»

መንበሩ ሳቁ አመለጠው። ተነስቶ በሬውን ከጋጣው ፈታ።

የካቲት ላይ የደምለው አውድማ በሽምብራ ተሞላ። እንደ ጤፍ አይሁን እንጂ ቤቱ ጦሙን አላደረም። አገሩ ሁሉ ሊያይ መጣ፤ አባ ይብሬም ምርኩዛቸውን ይዘው መጡ።

«ልጄ፣ ቁጭቱ ለቀቀህ?» አሉት።

«ኧረ ምን ይለቀኛል አባ! የመንበሩን ጤፍ ባየሁ ቁጥር ያንገበግበኛል። ምን ላድርገው፣ ከቁጭቴ ጋር ተቀናጅተን እናርሳለን እንጂ።»

ሽማግሌው ግንባሩን ሳሙት። ከዚያ ወደ ሰዉ ዞር ብለው እንዲህ አሉ፦ «አያችሁ፣ ሰው ማለት ይሄ ነው! ለሄደው ዝናብ አታልቅስ፣ በቀረው እርጥበት እረስ።»