ጨው ያነሰው ንፍሮ

አንድ ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ነበረ። ዕድሜውን የፈጀው የተገፉ ሰዎችን ኑሮ በመቅረጽ ነው። ስለ ጎዳና አዳሪዎች ሠርቷል፤ ስለ ቤት ሠራተኞች ሠርቷል፤ ተሸልሞበታልም። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ሥራውን ከልቡ ይወድ ነበር።

አንድ ጊዜ ሸክላ ሠሪዎች ወዳሉበት መንደር ሄደ። የአካባቢው ሰው እንስራና ድስታቸውን ይገዛል እንጂ አብሯቸው ማዕድ አይቆርስም። ይህን ነውር ለአገር ላሳይ ብሎ አንዲት ባሏ የሞተባት ሸክላ ሠሪ ቤት ገባ። ሴትዮዋ መጀመሪያ እምቢ አለችው። በኋላ ግን ለዳግማይ ትንሣኤ ልጇን ልትድር ነበርና፣ ጎረቤቶቼ ፊልሙን አይተው ከድግሴ ቢቀምሱልኝ ብላ እሺ አለች።

ሃያ ቀን ቀረጻት። ጭቃ ስታቦካ ቀረጻት፤ ገበያ ላይ ውሃ ስትለምን ለእሷ ብቻ በተለየ አሮጌ ጣሳ ሲያቀብሏት ቀረጻት። ምሳ ሰዓት ሲደርስ ራሷ በሠራችው የሸክላ ሳህን ንፍሮ ታቀርብለታለች። እሱም አንድ ቀን «በልቼ ነው የመጣሁት» ይላታል፣ ሌላ ቀን «ሥራው እንዳይቋረጥብኝ» ይላታል። ከዚያ መኪናው ውስጥ ገብቶ ብስኩቱን ይበላል። ሆዴን እንዳያመኝ ብዬ ነው ብሎ ለራሱ ነግሮታል። እኔ ግን እንደሱ እርግጠኛ አይደለሁም።

በመጨረሻው ቀን ካሜራውን ፊት ለፊቷ ደገነና ጠየቃት።

«እማማ፣ ማዕድዎን የሚጸየፉት እነማን ናቸው?»

ሴትዮዋ የዕለቱን ንፍሮ መደቡ ላይ አስቀመጠች። «ልጄ፣ እዚህ ቤት መምጣት ከጀመርክ ስንት ቀንህ ነው?» አለችው።

«ሃያ።»

«ንፍሮዬ ጨው ይበዛዋል ወይስ ያንሰዋል?»

ሰውየው አፈረ፤ ማፈሩም ደግ ነው። ካሜራውን ሳያጠፋ ከኋላው ወጣ፣ መደቡ ላይ አጠገቧ ተቀመጠና የንፍሮውን ሳህን ወደ ራሱ ስቦ በላ። ብዙ ከበላ በኋላ «ያንሰዋል» አላት። ሳቀችና ጨው ልታመጣ ተነሳች።

ፊልሙን በቀበሌው አዳራሽ ሲያሳይ ያችን የጨው ጥያቄ ቆርጦ አልጣላትም፤ መጀመሪያው ላይ አስቀመጣት። የመንደሩ ሰው የራሱን ነውር ከማየቱ በፊት የፊልም ሠሪውን አየ። በሠርጉ ቀን ከጎረቤት ሦስት ሰዎች መጥተው በሉ። ሦስት ብቻ። ከዚያ በፊት ግን አንድም አልነበረም።

አንቺ ልጄ፣ የተገፋ ሰው ታሪክ የሚሠራ ባለሙያ ራሱን ከታሪኩ ውጭ ያደርጋል ወይስ ያስገባል ብለሽ ጠይቀሽኛል። ያ ሰው ከካሜራው ኋላ ስለቆመ ውጭ ያለ መስሎት ነበር፤ ሴትዮዋ ግን ሳህኑን ከመለሰባት ቀን ጀምራ ከጎረቤቶቿ ጋር ቆጥራዋለች። አንቺም የምትገቢበት ቤት ሁሉ እንዲህ ይቆጥርሻል። ስለዚህ ካሜራሽን ከመክፈትሽ በፊት የቀረበልሽን ቅመሽ።