ሀሁን በአንድ ትንፋሽ

አንድ ጊዜ፣ ዝናብ ሁለት ክረምት ተከታትሎ በቀረበት ደጋ፣ ዳለቻ የምትባል አህያ ነበረች። እንደ ማንኛዋም አህያ ውኃና እንጨት ስትሸከም የኖረች ናት፤ አንድ ነገር ብቻ ይለያታል። ጌታዋ ልጆችን ፊደል የሚያስቆጥሩ የኔታ ነበሩ፤ ዳለቻም ጭነቷ ሲወርድላት የምትታሰረው ከፊደል ቤቱ ደጃፍ፣ ገበታው ከተሰቀለበት ግድግዳ ፊት ለፊት ነበር። ሌላ የምታየው ስላልነበራት ገበታውን ስታይ ዋለች፣ ስታይ ከረመች።

በዚያው ቤት ጓሮ አያ ጅቦም ጠዋት ጠዋት ይመላለስ ነበር። ለትምህርት እንዳይመስላችሁ። የኔታ ብራና ስለሚፍቁ የተወጠረው የፍየል ቆዳ ሽታ እየጎተተው ነው። ቆዳው ጠባቂ እስኪያጣ ድረስ አጥር ሥር ተጋድሞ ሲጠብቅ የልጆቹ ዜማ ሳይፈልገው በጆሮው ገባ። «ሀ ሁ ሂ ሃ ሄ ህ ሆ፤ ለ ሉ ሊ ላ ሌ ል ሎ» እያለ በሦስት ወር ውስጥ ከነመወዛወዙ እስከ ታች ሸመደደው። ልጆቹ ሀሁን ጨርሰው አቡጊዳ ሲገቡ፣ የኔታም የፊደሉን ተራ አፍርሰው በስንደዷቸው አንዴ ከላይ አንዴ ከታች እየነኩ «ይህ ማን ነው?» ማለት ሲጀምሩ፣ ጅቦ ተሰላቸ።

«ያወቅሁትን ምን ያስደግመኛል!» ብሎ ትምህርቱን በቃኝ አለ።

ዳለቻ ግን ታስራ የት ትሂድ? አቡጊዳውንም ቆማ ጨረሰችው። የኔታ ሲሞቱ ፈላጊ አጣች፤ ከእህቷ ከቡሊት ጋር ዱር ገባች።

በዱሩ የነገሠው አንበሳ ድርቁ እስኪያልፍ ማንም ማንንም እንዳይበላ አስምሎ ነበር። ግዳይ የሚመጣው ከሩቅ ነው፤ የሚከፋፈለውም እንደየማዕረጉ። ታዲያ ደብዳቤ የሚያነብለት ሽማግሌው ዝንጀሮ ሲሞትበት እንስሳቱን ሰብስቦ «ማንበብ የሚችል ይቅረብ። ከእንግዲህ ከእያንዳንዱ ግዳይ ፍሪምባው የአንባቢ ድርሻ ነው» አለ።

ጅቦ ፍሪምባ የምትለዋን እንደ ሰማ ዘሎ መሀል ገባ። ዓይኑን ጨፍኖ፣ ግራና ቀኝ እየተወዛወዘ፣ ከሀ እስከ ፐ በአንድ ትንፋሽ አንበለበለው። እንስሳቱ አፋቸውን ከፍተው ቀሩ። ከርከሮማ እንባው መጣ።

ዳለቻም በቡሊት ጉትጎታ ወጣች። ከፊቷ አንድ አሮጌ ደብዳቤ ዘረጉላት። አፍንጫዋን አስጠግታ «የ... ን... ጉ... ሡ... ግ... ዛ...» ስትል ሳቁ ፈነዳ።

«ይቺ እስክትጨርስ ክረምት ይገባል!» አለ ከርከሮ።

«እመት ዳለቻ፣ ተይው ይቅርብሽ፤ ይህን የመሰለ ገላ በፊደል ባታከሺው ይሻላል» አለ ጅቦ፣ ጎኗን እያየ።

ዳለቻ አፍራ ጆሮዋን ጣለች። ሁለተኛ በሰው ፊት... ይቅርታ፣ በእንስሳ ፊት ላላነብ ብላ ለራሷ ማለች። ሹመቱም የጅቦ ሆነ።

ከዚያ ወዲያ ምንጩ ሁሉ ደረቀ። እንስሳቱ መቆም መቀመጥ አቃታቸው፤ ጎህ ሲቀድ ይነሣሉ፣ ሰማዩን ያያሉ፣ ይዞራሉ፣ ይጣላሉ። ያላቸው ተስፋ ቆላ ያለው ወንዝ ብቻ ነው። ከወንዙ ማዶ የአንበሳው እህት ናት የምትገዛው፤ ሾላው ሥር ያለው መሻገሪያ ደኅና መሆን አለመሆኑን እንድትጽፍለት መልእክት ሰዷል፤ መልሱ ግን ዘገየ። ቡሊት የመውለጃዋ ወር ነበር፤ ምላሷ ደርቆ ከላንቃዋ እየተጣበቀ «እህቴ፣ ዛሬ ካልጠጣሁ እኔም የሆዴም አንተርፍም» አለቻት። ዳለቻ ይህን ከሰማች ጀምሮ እህቷን ትቶ የሚሄድ ሐሳብ አልነበራትም።

በአራተኛው ቀን ራዛ የምትባለው ወፍ መልሱን ይዛ እየበረረች መጣች። ጥቅልል ብራና ከአንበሳው እግር ሥር ጥላ፣ ቁልቁል እንኳ ሳትመለከት አለፈች።

«አንባቢ!» አለ አንበሳ።

ጅቦ ብራናውን ዘረጋ። ሀን ከመጀመሪያው ፈለጋት፤ የለችም። ከመሀል ፈለጋት፤ የለችም። እንስሳቱ «ምን ይላል? ኧረ ምን ይላል?» እያሉ ገፉት። ዳለቻ ከጎኑ ነበረች፤ ዓይኑ ጽሑፉ ላይ እንዳላረፈ አየች።

«ወንድሜ ሆይ፣» ብሎ ጀመረ ጅቦ፣ «ቶሎ ኑ! ሾላው ሥር ያለው መሻገሪያ ደኅና ነው። ሰባት ሰንጋ ጥዬ እጠብቃችኋለሁ። ጉበቱ ትኩስ ነው፤ ጮማው እንዲህ እንዲህ ይላል...» ምራቁ ብራናው ላይ ጠብ አለ።

«ለሣር በሊታዎቹስ?» አለች እመት ቀበሮ።

«ሣር? አዎ፣ ሣርም አለ። ከታች ተጽፏል።»

ዳለቻ መሐላዋን ረስታ «ጌታዬ፣ እኔም አንድ ጊዜ ልየው?» አለች።

«አንቺ እስክታነቢው ጥማቱ ይፈጀናል» አለ አንበሳ፣ በአንድ እግሩ መሬቱን እየጫረ። «ተነሡ!»

ጅቦ ደብዳቤውን ሊበላው ነበር፤ ያው ቆዳ አይደል? አንበሳ ቀምቶት ዳለቻ ለሁሉም ከተሸከመችው የመንገድ ስንቅ መሀል ሻጠውና ጉዞ ተጀመረ።

መንገዱ ቁልቁለት ነው። ሁሉም ይሮጣል፣ ይጋፋል። ጅቦ ሰባቱን ሰንጎች ራሱ እንደ ፈጠራቸው ረስቷቸው ከሁሉ ቀድሟል፤ ሰው ራሱ በዋሸው ሲጎመጅ አይታችሁ ታውቁ ይሆናል። ከእሱ ቀጥላ ደግሞ ቡሊት፣ የውኃው ሽታ ጉልበት ሰጥቷት። ዳለቻ ጭነት ከብዷት ወደ ኋላ ቀረች። የእህቷን ጀርባ አቧራው ሸፈነው።

ቀበሮ እየተሽሎከለከለች አጠገቧ ደረሰች። «እመት ዳለቻ፣ ነገሩ አልጣመኝም። የሣሩን ብጠይቀው ከታች ተጽፏል አለ። እኔ ማንበብ አላውቅም፤ ባዶ ግን አውቃለሁ። ከታች ባዶ ነበር።»

«ታዲያ ምን ላድርግ?»

«አንብቢው።»

«ይስቃሉ።»

«ማን አለና ነው የሚስቀው? ሁሉም ሄዷል እኮ!»

ቀበሮ ብራናውን በጥርሷ መዝዛ ከፊቷ ወጠረችው። ጀርባዋን ለመንገዱ ሰጥታ፣ ቁልቁለቱን የኋሊት እየወረደች ያዘችላት፤ ዳለቻ መቆም አልፈለገችማ።

«ሾ... ላ... ው። ሾላው! ሥ... ር...»

ቀበሮ በጥርሶቿ መሀል ተነፈሰች። «እንግዲያስ ሾላው እውነት ነው። እሱም ብሏል።»

«ጉ...» አለች ዳለቻ።

«ጉበት! ትኩስ ጉበት!»

ዳለቻም በዚያ ብታበቃ ደስታዋ ነበር። ጉበት ይሁንና ሮጣ ከእህቷ ጋር ትጠጣ። ግን የኔታ በስንደዷቸው አንዱን ፊደል ነክተው፣ ልጁ ሌላውን ሲገምት ጣቱን ይዘው የሚመልሱት ትዝ አላት።

«ገና ነው። ያየሁት ጉን ብቻ ነው» አለች። «ድ... ጉድ...»

ቀጣዩ ፊደል ላይ ተጣበቀች። ያን ፊደል አታውቀውም። ወይስ ታውቀዋለች? ከፊት የቡሊት ሰኮና ድምፅ እየራቀ ነው። ዓይኗን ጨፍና ግድግዳውን አሰበችው። ከላይ የለም። ከመሀል የለም። ከግርጌ፣ ሁሉ ካለቀ በኋላ ለብቻቸው ከተጻፉት፣ ዝናብ ካደበዘዛቸው መካከል... አዎ፣ እዚያ ነው!

«ጓ! ጉድጓ... ድ። ጉድጓድ! ተ... ቆ... ፍ... ሯ... ል!»

ብራናው ከቀበሮ አፍ ወደቀ። ዳለቻ አንገቷን ዘርግታ፣ በዕድሜዋ አናፍታ በማታውቀው ድምፅ አናፋች። «ቡሊት! ቁሚ! ቡሊትዬ፣ አንድ እግር እንዳታነሺ! ሾላው ሥር ጉድጓድ አለ!»

ቡሊት የእህቷን ድምፅ ሰምታ ቀጥ አለች። የፊት እግሯ ሰኮና ሾላው ሥር የተነጠፈውን ቅጠል ነክቷል። ከኋላዋ ከርከሮው፣ ከከርከሮው ኋላ አጋዘኑ፣ አንዱ ባንዱ ላይ እየተደረበ ቆመ። ጅቦ ግን «ወይ ተንኮል! ጉበቱን ልትቀማኝ ነው እኮ!» ብሎ ሾላው ሥር ዘለለ። ቅጠሉ ተከፈተ፤ ጅቦ ጠፋ፤ ድም የሚል ድምፅ ብቻ መጣ።

አንበሳ ቀስ ብሎ ወደ አፋፉ ቀረበና ቁልቁል አየ። ያ ሁሉ እንስሳ ሊገባበት እንደነበር ሲያስበው ጋማው ቆመ።

«ጌታዬ፣ ያውጡኝ! እግሬ!» አለ ጅቦ ከታች።

«አወጣሃለሁ። ይህችን ብቻ አንብብልኝ» አለ አንበሳ፣ ቀበሮ ያመጣችውን ብራና አንጠልጥሎ። «ረጅሙን አልልህም። ጉ የትኛዋ እንደሆነች አሳየኝ።»

ጅቦ ብራናውን አየ፤ ደግሞ አየ። «ከመጀመሪያው ካልሆነ አይመጣልኝም» አለና ዓይኑን ጨፍኖ መወዛወዝ ጀመረ። «ሀ ሁ ሂ ሃ ሄ ህ ሆ፤ ለ ሉ ሊ ላ...» ጉድጓዱ ድምፁን እያስተጋባ እንስሳቱ ሁሉ አዳመጡ። መ አለ፣ በ አለ፣ ነ አለ፣ ደ አለ። «ገ ጉ ጊ ጋ ጌ ግ ጎ፤ ጠ ጡ ጢ...»

«አለፍካት» አለ አንበሳ።

ጅቦ አልሰማም፤ እየተወዛወዘ ወደ ታች ቀጠለ።

አንበሳ ብራናውን መሬት ላይ ዘርግቶ ወደ ዳለቻ ዞረ። «የቀረውን አንብቢልን። በዝግታ።»

ዳለቻ አፍንጫዋን አስጠጋች። «በ... ዚ... ያ... አ... ት... ም... ጡ።» ወንዙ ሲፈስ ይሰማል፤ የሁሉም ጉሮሮ ነዷል፤ ማንም ግን አልተንቀሳቀሰም፣ ማንም አልሳቀም። ከርከሮ እንኳ በእያንዳንዱ ፊደል አብሯት ከንፈሩን ያንቀሳቅስ ነበር። «በ... ላ... ይ... ኛ... ው... መ... ሻ... ገ... ሪ... ያ... ኑ።»

በላይኛው ሄዱ። አንበሳ ፍሪምባ ለአህያ እንደማይሆን ስለገባው፣ «የአንባቢ ድርሻ ከሁሉ ቀድሞ ውኃ መጠጣት ይሁን» አለ። ዳለቻ ቡሊትን በትከሻዋ ገፋ አድርጋ ከፊቷ አስቀደመቻት፤ ቡሊት ጠጥታ እስክትረካ ቆማ አየቻት። ከታች ከሾላው በኩል «ሀ ሁ ሂ ሃ» የሚል ድምፅ እንደገና ከመጀመሪያው ሲነሣ ይሰማ ነበር።

ከዚህ የምንማረው ፊደልን በዜማ ያንበለበለ ሁሉ አንባቢ እንዳልሆነና፣ እየተሳቀበትም ቢሆን እያንዳንዱን ፊደል በዓይኑ አይቶ ሳይገምት እስከ መጨረሻው የሚያነብ ግን የሚወደውን ከጉድጓድ አፋፍ እንደሚመልስ ነው።