የጡሩምባ ነፊው እንቅልፍ

አንድ ሰው ነበረ። ሥራው ሞት መናገር ነው።

አትደንግጡ፤ የዕድር ጡሩምባ ነፊ ነው። ገና ጎህ ሲቀድ ሰፈሩን እየዞረ «ያልሰማህ ስማ፣ የሰማህ ላልሰማ አሰማ!» የሚል፣ እናንተም ብርድ ልብሳችሁን ገለጥ አድርጋችሁ «ዛሬ ደግሞ ማን ይሆን?» የምትሉት ሰው። ሃያ ሁለት ዓመት ነፍቷል። መቶ ስልሳ አባወራ ያለበትን ዕድር ስም በስም፣ ቤት በቤት፣ ከነውሾቻቸው ያውቃል። ወረቀት ይዞ ዞሮ አያውቅም።

ይህ ሰው እንቅልፍ አጣ።

አንድ ቀን አይደለም። አንድ ሳምንት አይደለም። ሰባት ወር! ኮርኒስ ሲቆጥር አድሮ ይነሳል። ጨው ሊገዛ ሱቅ ይሄድና ለምን እንደመጣ ይጠፋበታል፤ ባለሱቁ «ምን ልስጥህ?» ሲለው «ቆይ፣ መጣሁ» ብሎ ወደ ቤቱ ይመለሳል። ልቡ ያለ ምክንያት ድው ድው ይላል። ጠበል ሄደ። ሰባት ቀን ተጠመቀ። ሰላም ተሰማው፤ እንቅልፉ ግን አልመጣም።

ታዲያ አንድ ሰኞ ማለዳ የዕድሩ ዳኛ በሩን አንኳኩ። «የአቶ ግዛው ታላቅ ወንድም አርፈዋል። ቀብር ስምንት ሰዓት ነው» አሉት። ሰማ። ጡሩምባውን አነሳ። ወጣ። ምን ብሎ የለፈፈ ይመስላችኋል?

«አቶ ግዛው አርፈዋል! ቀብር ስምንት ሰዓት!»

አቶ ግዛው በዚያች ሰዓት ግቢያቸው ውስጥ፣ ቧንቧው ሥር ቆመው ጥርሳቸውን እየቦረሹ ነበር።

እስቲ አስቡት። ጎረቤት «ወንድሜን!» እያለ ደረቱን እየመታ በሩን በርግዶ ሲገባ፣ ሟች የጥርስ ብሩሽ ነክሶ ይቀበለዋል። ድንኳን ጣዮቹ ቋሚውን ተሸክመው ደርሰዋል። አንዲት እናት ሟቹን በቁማቸው አይታ እዚያው ራሷን ሳተች። አቶ ግዛው አፋቸው አረፋ እንደሞላ መንገድ ወጥተው፣ «ወልደየስ! ምን ሆነሃል? እኔ እኮ አለሁ!» ብለው ጮኹ።

ትስቃላችሁ። ሳቁ፣ እኔም ስቄያለሁ። ጋሽ ወልደየስ ግን አልሳቀም። ስሙን የምጠራው «ስሜን ጠርተህ ንገራቸው» ስላለኝ ነው። መንገዱ መሀል ቆሞ «ግዛው ነው ያሉኝ? ወንድሙ ነው ያሉኝ?» እያለ ጡሩምባውን ያገላብጣል። ገና አሁን የሰማው ነገር ጠፍቶበታል። ወገኖቼ፣ የገዛ ጭንቅላት ሲከዳ፣ ከዚህ የበለጠ ምን የሚያስፈራ ነገር አለ?

ዕድሩ ተሰበሰበ። ዳኛው ጨካኝ ሰው አይደሉም፤ ግን ዳኛ ናቸው። «አንድ ወር ሰጥተንሃል። ታከም። ካልተሻለህ ጡሩምባውን ታስረክባለህ። በሕያው ሰው ላይ ሙሾ ማስወረድ አንችልም» አሉት።

ሚስቱን ቀብሯል። ልጅ የለውም። ያ ጡሩምባ ከእጁ ከወጣ፣ ጠዋት ከአልጋው የሚያስነሳው ምን ቀረው?

ሐኪም ቤት ሄደ። ሐኪሟ ወጣት ናት። መረመረችው፤ የጥቂት ቀን መድኃኒት ጻፈችለት። ከዚያ እስክሪብቶዋን አስቀምጣ፣ «ጋሼ፣ ሰውነትዎ ሰባት ወር ሙሉ ጅብ እንደሚያባርረው ሰው ሆኖ ነው የቆየው። አእምሮ እንቅልፍ ሲነፈግ የሰማውን ቦታ ቦታው ማስቀመጥ ያቅተዋል። የሚረሱትም ከዚያ የተነሳ ይመስለኛል። ትንፋሽዎን ማርገብና ሰውነትዎን ማፍታታት ይልመዱ። እዚህ ወጣት ማዕከሉ አዳራሽ ማክሰኞና ሐሙስ ጠዋት ዮጋ አለ። ተአምር አይደለም፤ ግን ብዙ ሰው ጭንቀቱ ቀለል ብሎለት እንቅልፉ ተመልሶለታል» አለችው።

«ምንድን ነው እሱ?»

«ይታጠፋሉ፣ ይዘረጋሉ፣ ይተነፍሳሉ።»

«መተንፈስማ እችላለሁ» አላት።

ግራ እንደገባው ሄደ። ኮቱን ለብሶ፣ ነጠላውን ደርቦ ገባ። አሥራ አንድ ሴቶችና አንድ ጡረታ የወጣ ዘበኛ በየምንጣፋቸው ተቀምጠዋል። አሠልጣኟ ሩሐማ የምትባል ልጅ ናት። «ጋሼ፣ ጫማዎን ያውልቁ» አለችው።

ጫማ? እኛ ጫማችንን የምናወልቀው የት ነው? «ይሄ ምን ቤት ነው?» አለ በሆዱ። ግድግዳውን አየ። ሥዕል የለም፣ ጣዖት የለም፣ የቅርጫት ኳስ ውድድር ማስታወቂያ ነው ያለው። አወለቀ።

ሩሐማ «በአፍንጫችሁ አስገቡ፤ ስምንት እስክቆጥር ቀስ ብላችሁ አስወጡ» አለች። ስምንት ስትደርስ ሁሉም ጨርሷል። ጋሽ ወልደየስ እስከ ሃያ ያወጣዋል! ሃያ ሁለት ዓመት ጡሩምባ! ልጅቷ ገርሟት «የት ነው የተማሩት?» ብትለው «ለቅሶ ላይ» አላት። በመጨረሻም «አሁን በጀርባችሁ ተጋደሙ። እጃችሁን ዘርጉ። ዓይናችሁን ጨፍኑ። ይህ የሬሳ አተኛኘት ይባላል» አለች።

የሬሳ! ይህን ለማን ነው የምትነግሪው፣ ሩሐማ? ሟርት ነው ብሎ ሊነሳ ቃጣው። ግን ደክሞታል፤ ሰባት ወር ደክሞታል። «እስቲ አንድ ደቂቃ» አለ። አማተበ። ዓይኑን ጨፈነ።

ተኛ።

ሲነቃ አዳራሹ ባዶ ነው። ሩሐማ ቁልፍ ይዛ በሩ ላይ ተቀምጣለች። «ሁለት ሰዓት ሙሉ ተኙ። መቀስቀስ አሳዘነኝ» አለችው። ጋሽ ወልደየስ እዚያው ምንጣፉ ላይ ቁጭ ብሎ አለቀሰ።

ደስ አለው? አዎ፣ ደስ አለው። ግን ደስታው ቤቱ ሳይደርስ ጥያቄው ደረሰ። «ጠበሉ ያልሰጠኝን እንቅልፍ እዚህ አገኘሁት። ታዲያ ማነው የሰጠኝ?» በልምምዱ መሀል ጎንበስ ብሎ ነበር። ወደ ምሥራቅ ነበር ወይስ ወደ ምዕራብ? መስኮቱ በየት በኩል ነበር? ሊያስታውስ ሞከረ፤ አልቻለም። ሐሙስ ተመልሶ ሄደ፤ ተኛ። ተኝቶ ሲነሳ ደግሞ የበለጠ ፈራ። እንቅልፍ የሚያስፈራው ሰው አይታችሁ ታውቃላችሁ?

በዚህ መሀል ጎረቤቱ እትዬ ጥሩወርቅ በአዳራሹ መስኮት አየችው። በቃ! «ወልደየስ ጫማውን አውልቆ ለባዕድ ሲሰግድ በዓይኔ በብረቱ አየሁት!» እስከ ማታ ሰፈሩ ሁሉ ሰማ። እንግዲህ ጡሩምባ ነፊ የለንም ብላችሁ አታስቡ። ለቅሶ ቤት ሲገባ አጠገቡ የነበረ ሰው ፈቀቅ አለ። ጋሽ ወልደየስ ዮጋውን ተወ። እንቅልፉም ተወው። ከተሰጠው ወር ዘጠኝ ቀን ቀረ።

ግራ ቢገባው ወደ ንስሐ አባቱ፣ ወደ አባ ኪዳነ ማርያም ሄደ።

«አባቴ፣ እግዚአብሔር ከሰጠኝ ለምን በጠበሉ አልሰጠኝም? ሌላ ከሰጠኝ ደግሞ ለምን እንዲህ ጣፈጠኝ?»

አባ ጢማቸውን ያዙ። ለቀቁ። እንደገና ያዙ። «ልጄ፣ እኔ ይህን ነገር አላውቀውም። አውቃለሁ ብዬ ብዋሽህ ሁለታችንም እንጠፋለን። ጎንበስ ስትል ማንን ጠራህ?»

«ማንንም። ‹ወይኔ ወገቤ› ነው ያልኩት።»

«ስትጋደምስ?»

«አማተብኩና ተኛሁ።»

«እንቅልፍህ የጠፋው ከመቼ ጀምሮ ነው?»

«ዓለሚቱ ካረፈች ጀምሮ።» ዓለሚቱ ሚስቱ ናት።

አባ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ሐዘን ነው፣ የታወቀ ነው። ከዚያ አንድ ነገር ትዝ አላቸውና ቀና አሉ። «ያን ዕለት ጡሩምባውን ማን ነፋላት?»

«እኔ ነኛ። ሌላ ማን አለ? ዳኛው መጡ፤ ‹እግዜር ያጥናህ፤ ቀብር ስንት ሰዓት እንበል?› አሉኝ። ጡሩምባውን ከተሰቀለበት አወረድኩ። እሷ ቤት ተጋድማ እኔ መቶ ስልሳ ቤት ዞርኩ፣ ‹ወይዘሮ ዓለሚቱ አርፈዋል› እያልኩ። ስመለስ ገንዘዋታል። ፊቷን አላየሁትም፣ አባቴ።»

አባ ኪዳነ ማርያም አቀረቀሩ። ያን ጡሩምባ እሳቸውም ሰምተውት ነበር። ሰምተው ካባቸውን ለብሰው ፍትሐቱን አደረሱ፤ የነፋው ማን እንደሆነ ግን ያኔ ልብ አላሉም።

«ቀኖና ስጡኝ» አላቸው።

«ቀኖናውስ የእኔ ነው» አሉ፣ ዓይናቸው እንባ አቅርሮ። «አንተ ሐሙስ ሂድ። የፈጣሪህን ስም ጥራና ተኛ። እኔ የማላውቀውን ከሚያውቁት እጠይቃለሁ።»

ሐሙስ ጠዋት አባ መቋሚያቸውን ይዘው መጡ። የአዳራሹ በር ላይ ወንበር አስመጥተው ዳዊታቸውን እየደገሙ ተቀመጡ። እትዬ ጥሩወርቅ በዚያ ስታልፍ አየቻቸው። መስቀል ተሳለመች። በመስኮቱ አጮለቀች። ጋሽ ወልደየስ ያንኮራፋል። አባን አየች፣ መስኮቱን አየች፣ ግራ ገብቷት ሄደች። ከእሷ ጋር ሰፈሩም ግራ ገባው።

ወሩ ሞላ። ዕድሩ ተሰበሰበ። አባ ተነሡና፣ «በሕያው ሰው ላይ ሙሾ ያስወረደው ወልደየስ ነው ብላችኋል። ልክ ናችሁ። ሐዘንተኛውን የገዛ ሚስቱን ሞት ያስለፈፈው ማነው?» አሉ።

 አቶ ግዛው እጃቸውን አወጡ። «ሟቹ እኔ ነኝና እኔ ልናገር» አሉ። ማንም አልሳቀም። «ያን ዕለት አልጋዬ ላይ ሆኜ ሰማሁት። ‹የወልደየስ ድምፅ ዛሬ ሻከረ› አልኩና ተገላብጬ ተኛሁ። እሱ ከዚያ ወዲያ ሰባት ወር አልተኛም፤ እኔ ተኝቻለሁ።»

ያን ቀን በዕድሩ ደንብ ላይ አንድ አንቀጽ ተጨመረ፦ ለፋፊው ሐዘን ሲደርስበት ሌላ ሰው ይነፋል። ዕድሩ ከተመሠረተ ሠላሳ አራት ዓመቱ ነው። ድንኳን ስለቀደደ የሚናገር አንቀጽ ነበረው፤ ድስት ስላጎደለ የሚናገር አንቀጽ ነበረው፤ ይህ አልነበረውም። ጡሩምባውም ከጋሽ ወልደየስ እጅ አልወጣም። ዛሬ አራት አምስት ሰዓት ይተኛል። ስሞቹ ተመልሰውለታል። ማክሰኞና ሐሙስ ምንጣፉ ላይ ነው፣ እሑድ ቅዳሴ ላይ። እንቅልፉን በየትኛው በኩል እንዳገኘው ብትጠይቁት እስከ ዛሬ «ግራ ገብቶኛል» ይላችኋል። ግራ እንደገባው ይተኛል።

እናንተም እንደምትጠይቁኝ አውቃለሁ። «መምህር፣ ቁርጡን ንገረን፣ ዮጋ ይፈቀዳል ወይስ አይፈቀድም?» ሐኪሞች ለተጨነቀ አእምሮ፣ ለራቀ እንቅልፍ ይረዳል ይላሉ። አባቶች ደግሞ ልባችሁ ለማን እንደሚሰግድ ጠብቁ ይላሉ። ሁለቱንም ስሟቸው። እኔ ከዚህ በላይ አላውቅም፤ የማላውቀውን ደግሞ ከዚህ መድረክ ላይ አልነግራችሁም።

የማውቀውን ልንገራችሁ። ሰውየው ሰባት ወር ሲፈርስ ማናችንም አላየነውም። አንድ ቀን ምንጣፍ ላይ ሲዘረጋ ግን ሁላችንም አየነው! ለጥፋቱ ዓይን ነበረን፤ ለሕመሙ ከየት እናምጣ? እናንተስ፣ አጠገባችሁ የተቀመጠችው እህት ስንት ሌሊት እንዳልተኛች ታውቃላችሁ? ልጆቻችሁን የሚያስተምረው፣ ሟቾቻችሁን የሚገንዘው፣ በሽተኞቻችሁን የምታስታምመው፣ ሥራቸውን ስላላቋረጡ ደህና የሆኑ መስሏችኋል?

እኔ ከጋሽ ወልደየስ ቤት ሦስተኛው በር ነኝ። በእነዚያ ሰባት ወራት በየማለዳው መንገድ ላይ አግኝቼ «እንዴት አደርክ?» ብዬዋለሁ። መልሱን ቆሜ የሰማሁበት አንድም ማለዳ የለም።