ሐረገወይን የተባለችው ጦጢት

ኑ ቅረቡ። ተረት አለኝ፤ «ይምጣ!» በሉኝ። ጮክ በሉ እንጂ፣ ምሳ አልበላችሁም እንዴ? እሺ፣ ይኸው መጣ።

ድሮ ድሮ፣ አራዊት ሁሉ ልጅ ድረው ምራት ተቀብለው በሚኖሩበት አገር፣ እመት ጉሬዛ የምትባል ባለጸጋ ነበረች። ባለጸጋ ስላችሁ በሬና ላም እንዳይመስላችሁ። ሀብቷ አንድ ወይን ነው፤ የአማቷ አማት የተከለችው፣ በትልቅ ዋንዛ ላይ ተጠምጥሞ ጫፍ የደረሰ ወይን። ነጭ ካባዋን ትከሻዋ ላይ ጣል አድርጋ ከደጇ ቁጭ ስትል፣ ንጉሥ የወለዳት ይመስላት ነበር። ወይኑን የተከለችው እሷ አይደለችም፤ ካባውም ቢሆን አብሯት የተወለደ ፀጉር ነው። ግን ማን ደፍሮ ይንገራት?

በዚያ አገር አንድ ልማድ ነበረ። ለምራት አዲስ ስም የምታወጣላት አማቷ ናት። እሷም ዝም ብላ አታወጣም፤ ሦስት ቀን የምራቷን እጅ አይታ ነው። ከስሞቹ ሁሉ የሚበልጠው ሐረገወይን ነበር፤ የወይን ሐረግ ማለት ነው። የወይን ሐረግ አይታችሁ ታውቃላችሁ? ያገኘውን ይዞ ይወጣል፤ የያዘውን ዛፍ ግን አንቆ አይገድልም። ያፈራል፤ ያፈራውን ግን ራሱ አይበላም። ስለዚህ ይህን ስም ያገኘች ምራት የቤቱን ወይን ትረከባለች። ትኮተኩታለች፣ ታጠጣለች፣ ፍሬው ሲበስል በቅምሻ ቀን ለጎረቤቱ ሁሉ ታድላለች። ከዚያ በፊት አንዲት ፍሬ ከአፏ አትገባም። በቅምሻ ቀን ፍሬ የታጣበት ቤት ደግሞ ወዮለት! ጎረቤት ተሰብስቦ ወይኑን ለሌላ ቤት ይፈርዳል።

እመት ጉሬዛ ሁለት ወንዶች ልጆች ነበሯት። ታላቁ ፍልፈል አገባ። ጉሬዛ እንዴት ፍልፈል ያገባል ብላችሁ እንዳትጠይቁኝ፤ እኔ ከዚህ የባሰ ጋብቻ አይቻለሁ። ፍልፈል ዓይኗ የጠበበ፣ ጥርሷ የገጠጠ፣ ቀኑን ሙሉ ከአፈር በታች የምትውል ናት። አማቷ ሦስት ቀን ደጅ ላይ ቁጭ ብላ ብትጠብቅ እጇን አላየችውም። ከመሬት በታች ያለ እጅ እንዴት ይታያል? ጎንበስ ብሎ ማየት ደግሞ ለካባው አይመችም። አፍንጫዋን ነፋችና፣

«ጓሊት ብዬሻለሁ» አለቻት። የአፈር ጓል ነሽ ማለቷ ነው።

«እሺ እማማ» አለች ጓሊት። ከፋት፤ ለምን አይከፋት? ግን ወደ ጉድጓዷ ተመልሳ የወይኑን ሥር መኮትኮቷን ቀጠለች።

ታናሹ ልጅ ጦጢትን አገባ። ጦጢትን ታውቋታላችሁ፤ መግለጫ አያስፈልጋትም። በሰርጓ ቀን ሙሽራው እሷን ሲያይ እሷ ወይኑን ታያለች። «ያ ስም የእኔ ካልሆነ ጦጣም አይደለሁ!» ብላ ማለች። ስሙን ወድዳ አይደለም፤ ፍሬውን ነው።

በመጀመሪያው ቀን አማቷ ወይኑን ኮትኩቺ አለቻት። ጦጢት ሄዳ ከዋንዛው ጥላ ሥር ተጋደመች። ከበታቿ ጓሊት እንደ ልማዷ ትቆፍራለች። ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ጦጢት ተነሣችና መዳፏን በለሰለሰው አፈር አሸች፣ ግንባሯንም ቀባ ቀባ አደረገች፣ ወገቧን ይዛ እያቃሰተች ገባች።

«ልጄ፣ ኮተኮትሽው?»

«ኧረ እማማ! ስሙ ይምጣ እንጂ ሥራውስ አልቋል!»

እመት ጉሬዛ ወጥታ ብታይ አፈሩ እንደ ዱቄት ልሟል። «እሰይ፣ እንዲህ ያለ እጅ!» አለች። እጁ ግን የማን ነበር? የጓሊት!

በሁለተኛው ቀን አጠጪ አለቻት። ጓሊት ከምንጩ እስከ ወይኑ ሥር በምድር ውስጥ ቦይ ከቆፈረች ቆይታለች፤ ውኃው ራሱ ይመጣል። ጦጢት ምንጩ ዳር ስትጫወት ውላ፣ ጭራዋን ነክራ እያንጠባጠበች ተመለሰች።

«ልጄ፣ አጠጣሽው?»

«ኧረ እማማ! ስሙ ይምጣ እንጂ ሥራውስ አልቋል!»

እመት ጉሬዛ ሥሩን በእግሯ ነካ ብታደርገው ርሷል። «እሰይ፣ እንዲህ ያለ ጉልበት!» አለች። ጉልበቱስ የማን ነበር? በሉ እንጂ! የጓሊት!

ሦስተኛው ቀን ሐረጉን ከዛፉ ጋር በልጥ የማሰር ተራ ነው። ፍልፈል ዛፍ አትወጣም፤ ስለዚህ ጦጢት ራሷ ወጣች። በሕይወቷ ለመጀመሪያ ጊዜ ልትሠራ ነው ብላችሁ እንዳትደነግጡ። ከላይ ለጋ ቀንበጥ አየችና ወደሱ ስትዘል፣ አንዱን ረጅም ሐረግ ረግጣ ሰበረችው። ሐረጉ ግማሹ ተሰብሮ፣ በልጡ ብቻ ተንጠልጥሎ መሬት ላይ ተዘረጋ። እሷ ዞር ብላም አላየችው። የቀረው ወይን እንደሆነ ከድሮም ተጠምጥሟል፤ ወይን መጠምጠምን ከጦጣ አይማርም።

«ልጄ፣ አሰርሽው?»

«ኧረ እማማ! ስሙ ይምጣ እንጂ ሥራውስ አልቋል!»

እመት ጉሬዛ ፀሐይ እስክትገባ እንኳ አልታገሠችም። ጎረቤት ጠርታ፣ «ሐረገወይን ብዬሻለሁ!» አለች። እልልታው ቀለጠ። እልል ባዮቹ ውስጥ የቆመው አያ ከርከሮ ግን አፉ አያርፍምና፣

«እመት ጉሬዛ፣ አልቸኮሉም?» አለ። «ፍሬ ሳይታይ?»

«አንተ ዕድሜህን ሙሉ ሥራሥር ስትምስ ኖረህ ስለ ስም ታስተምረኛለህ?» አለችው። ሰው ሁሉ ሳቀ።

ስም የሰጠች አማት ደግሞ እስከ ቅምሻ ቀን ከወይኑ ሥር አትደርስም። ከደረሰች ስሙን እንደነጠቀች ይቆጠራል፤ ነውር ነው። ይህን ልማድ ማን በደንብ ያውቃል? ጦጢት!

ከዚያማ ምን ልበላችሁ! ጥሬውን በላችው፤ ጥርሷ እስኪጠርስ በላችው። ፈካ ያለውን በላችው። የበሰለማ አልነበረም፣ እስኪበስል መች ጠበቀችው! ጠዋት ጠዋት አማቷ ከደጅ ሆና፣

«ሐረገወይን!» ትላለች።

«አቤት እማማ!» ትላለች ያቺ፣ አፏ እንደሞላ።

«ፍሬው እንዴት ነው?»

«ስሙ ተጠርቶ ፍሬው ይጎድላል?»

እመት ጉሬዛም ካባዋን እያስተካከለች ለመንገደኛው ሁሉ፣ «ሰማችሁልኝ ምራቴን?» ትል ነበር። እንዲህ ያለችውን ጅል ምን ታደርጓታላችሁ?

የተተፋው ልጣጭ ከጓሊት ጉድጓድ በር ላይ ይወርዳል። ጓሊት አንድ ቀን ልጣጩን ሰብስባ ወደ አማቷ ሄደች።

«እማማ፣ ጦጢት ወይኑን እየጨረሰችው ነው። ይኸው ልጣጩ።»

«ጓል ስለ ወይን ምን ያውቃል?» አለች እመት ጉሬዛ። «ቅናት ነው ያንቺ። ሂጂ፣ አፈርሽን ግፊ።»

ጓሊት በጣም ተናደደች። ያን ቀን መጀመሪያ ያሰበችው ጉድጓዷን ደፍና ከዚያ ቤት መሄድ ነበር። ስትወጣ ግን ያ በግማሹ የተሰበረው ሐረግ መሬት ላይ ተዘርግቶ አየችው፤ አልደረቀም፣ ጫፉ ላይ አበባ ይዟል። አሳዘናት። የተሰበረውን ቦታ በአፈር ቀበረችው፣ ጫፉን ከቁጥቋጦ ሥር አሾለከችውና ከላዩ ቅጠል ጣል አደረገችበት። ሐረጉ ከተቀበረበት ሥር ሰደደ። ጦጢት ከላይ ከላይ ስታይ ከታች ያለውን አላየችም።

ቀን አይቆምምና የቅምሻ ቀን ደረሰ። በዋዜማው ጦጢት ወይኑን ብትቆጥር ቅጠል ብቻ ነው። ሌላ ምራት ብትሆን ታለቅስ ነበር። እሷ ግን ወንዝ ወረደችና እንዶድ ለቀመች፤ እናቶቻችሁ ልብስ የሚያጥቡበትን እንዶድ! ዘለላውን ከወይኑ ቅጠል መሐል አሰረችው። ከሩቅ ላየው አፍ ያስመጠምጣል።

በማግሥቱ ጎረቤት ሁሉ መጣ። አባ አጋዘን በሽምግልናቸው ከፊት ተቀመጡ። እመት ጉሬዛም እንደ አውራ ዶሮ ተነፍታ መሐል ቆመች። እንግዶቹ እንደ ልማዱ፣

«ሐረገወይን፣ ከስምሽ አቅምሺን!» አሉ።

«እንካችሁ!» አለች ጦጢት ከላይ እየጣለች። «ግን ቤታችሁ ወስዳችሁ ብሉት። ከሰው ፊት ማኘክ ምን ያምራል?»

ሁሉም በጨዋ ደንብ በእጁ ያዘ። አያ ከርከሮ ግን ከመቼ ወዲህ ነው ጨዋ? ገና አየር ላይ ሳለ በአፉ ቀለበው፤ አንድ ዘለላ ሙሉ ዋጠ። ትንሽ ቆይቶ ዓይኑ ፈጠጠ። ከዚያ በአፉም በአፍንጫውም አረፋ ይንዠቀዠቅ ጀመር።

«ያበደ ውሻ ነክሶታል!» ብሎ እንግዳው ሁሉ ወደ ኋላ ሸሸ።

«ያበደችውስ እሷ ናት!» አለ ከርከሮ እየተፋ። «እንዶድ ነው! ሆዴን ልታጥብልኝ ነው እንዴ?»

እዚህ ላይ እመት ጉሬዛ ዝም ብትል ግማሽ ክብሯ በተረፈ። ዝም አላለችም። «ምቀኛ!» አለችው። «የሐረገወይንን እጅ ልታረክስ ነው? ይኸው፣ እኔ እበላዋለሁ!» ብላ አንድ ዘለላ አንሥታ ከሰው ሁሉ ፊት አኘከች። እልኸኛ ናትና ቶሎም አልተፋችው። አረፋው በአገጯ ወርዶ በነጭ ካባዋ ላይ ተንጠባጠበ፤ ልብሷን ለብሳ የምታጥብ መሰለች። ልጆቿ ሳይቀሩ ፊታቸውን አዞሩ።

አባ አጋዘን ተነሡ። «እመት ጉሬዛ፣» አሉ፣ «እኛ ሕጉን አላወጣነውም። ይህ ቤት ዘንድሮ ፍሬ የለውም። ወይኑ ለሌላ ቤት ይፈረድ።»

እመት ጉሬዛ ተንበርክካ አለቀሰች። የአማቷ አማት ወይን ከእጇ ሊወጣ ነው። ወይኑ ከሄደ ደግሞ እሷ ማን ናት? ባለፀጉር ጦጣ!

ያን ጊዜ ከመሐላቸው መሬቱ እብጥ አለና ጓሊት ብቅ አለች። በጥርሷ ሦስት ዘለላ ይዛለች፤ ጥቁር፣ የበሰለ፣ የእውነት ወይን።

«ከዚሁ ወይን ነው» አለች። «ጦጢት የሰበረችው ሐረግ ነው፤ እኔ ቀብሬው ጸደቀ። ያልመሰላችሁ ሄዳችሁ ሥሩን እዩ።»

ሄደው አዩ። ሥሩን ብቻ ሳይሆን የተኮተኮተውንም፣ ቦዩንም አዩ፤ ሁሉም የፍልፈል ጥርስ አለበት። እመት ጉሬዛም በሕይወቷ ለመጀመሪያ ጊዜ ጎንበስ ብላ አየች። ሦስቱ ዘለላ ተከፋፍሎ ለአንድ እንግዳ ሁለት ሁለት ፍሬ ደረሰው። ከርከሮ አራት አገኘ፤ አፉን ይጠብበት ተብሎ።

«ቤቱ አቅምሷል» አሉ አባ አጋዘን። «ወይኑ ከዚህ ቤት አይወጣም።»

እመት ጉሬዛ ያኔ እንባዋን ጠርጋ ወደ ዛፉ ጮኸች። «አንቺ! ውረጂ! ከዛሬ ጀምሮ ስምሽ ሐረግ ሬሳ ነው!»

«ተዉ እማማ» አለች ጓሊት። «ሐረግ ሬሳ ምን በደለ? እሱ እንኳ በየአጥሩ በቅሎ፣ ምች የመታው ሰው ሲታጠነው ያድናል። እሷ ማንን አድና ታውቃለች? የዕፅ ስም አያባክኑባት።»

ጦጢትም ያለ ስም ወጣች። እስከ ዛሬም ከማሳ ማሳ «ሂጂ! ሽ!» እየተባለች ትባረራለች እንጂ በስሟ የሚጠራት የለም።

ያ ሁሉ ሆኖ እመት ጉሬዛ የማትድን ናት። እዚያው በዚያው ወደ ጓሊት ዞራ፣ «በይ እንግዲህ፣ ሐረገወይን ብዬሻለሁ!» አለች።

«አመሰግናለሁ እማማ፣ ይቅርብኝ» አለች ጓሊት። «ሊያከብሩኝ አይደለም፣ ያፈሩበትን ስም በእኔ ሊያጥቡ ነው። ወይኑን እይዛለሁ። እርስዎ ደግሞ የቅምሻ ቀን በመጣ ቁጥር ደጅ ላይ ቆመው በጠሩኝ ስም፣ ጓሊት ብለው ይጠሩኛል። እንግዳው ሁሉ ይስማ።»

እንደዚያም ሆነ። በየዓመቱ ያቺ ካባ ለባሽ አገር ምድሩ ፊት ቆማ «ጓሊት! ጓሊት!» ስትል፣ ጓሊትም ወይኑን ይዛ ስትወጣ፣ ሰው ሁሉ ይስቅ ነበር፤ የሚስቀው ግን በጓሊት አልነበረም።

እኔ የሰማሁትን አቀመስኳችሁ፤ ጣፈጣችሁም መረራችሁም ዋጡት። ለዚህ ነው አባቶቻችን፣

ስም በአፍ ይወጣል፣ በእጅ ይጸድቃል ያሉት።