ይቅር ብላ ይግባኝ ያለችው ሴት

አንዲት ሸክላ ሠሪ ሴት ነበረች። የሠራችውን ድስትና ጋን በጀርባዋ ተሸክማ፣ ቁልቁለቱን ወርዳ፣ ከተማው ገበያ ትሸጣለች። ልጆቿን የምታሳድገው በዚያ ጀርባና በእነዚያ ሁለት እግሮች ነው።

አንድ የገበያ ቀን ጠዋት፣ የመንገዱን ዳር ይዛ ስትሄድ፣ የጭነት መኪና ከመሥመሩ ወጥቶ መታት። ሸክላው ደቀቀ፤ ቀኝ እግሯም ተሰበረ። ሐኪሞች እግሩን አተረፉላት፤ ከእንግዲህ ግን ሸክም የሚባል ነገር አይሆንልሽም አሏት። ወገኖቼ፣ ተሸክማ ለምታድር ሴት ይህ ምን ማለት እንደሆነ ገባችሁ?

የመኪናው ባለቤት ሽማግሌዎች ይዞ መጣ። በአንገቱ ድንጋይ ተሸክሞ ደጇ ላይ ተደፋ። ይቅርታ የሚለምን ሰው በዚያ አገር ደንብ ጥፋቱን በገዛ አፉ ይናገራል። ጋሽ ሰይፉ የሚባሉት የሽማግሌዎቹ አንጋፋ ምን አጠፋህ ብለው ጠየቁት። ፍሬኑ መድከሙን ሾፌሩ ነግሮት እንደነበር፣ እሱ ግን ይህችን ጭነት ብቻ አድርስና እናሠራዋለን ብሎ እንደላከው ተናገረ። ካሳም እክሳለሁ አለ። ሴትዮዋ አለቀሰች። ከዚያ ድንጋዩን አውርዱለት፣ ይቅር ለእግዚአብሔር አለች። ከልቧ ነበር።

ካሳው ግን ሳይመጣ ቀረ፤ ነገሩም ፍርድ ቤት ደረሰ። ሰውዬው እዚያ ሲቆም ሌላ ሰው ሆነ! ፍሬኑ ደህና ነበር፤ ሸክሟ ጋርዷት መሐል መንገድ የገባችው እሷ ናት አለ። በሕግ አምላክ ሲባል ወራጅ ውኃ ይቆማል ይባላል፤ የእሱ ምላስ ግን አልቆመም። ዳኛውም ጥፋቱ የሁለቱም ነው ብለው የሕክምናዋን ወጪ እንኳ የማይሸፍን ካሳ ወሰኑላት። እሷም ይግባኝ እላለሁ አለች።

ይህን ጊዜ እነዚያው ሽማግሌዎች ተመልሰው መጡ። አሁን የመጡት እሷን ሊመክሩ ነው።

«ልጄ፣ ይቅር ካሉ በኋላ ክስ ነውር ነው» አሏት ጋሽ ሰይፉ። «ሰው ምን ይለናል?»

«ጋሽ ሰይፉ፣ ቂሜን ትቻለሁ። ዛሬም ባገኘው ሰላም እለዋለሁ» አለች። «የእግሬን ዋጋ ግን ለማንም አልተውኩም። ቁጭ ብዬ የምሸጥበት አንዲት ክፍል ካላገኘሁ ልጆቼ ምን ይበላሉ? ስለ ፍሬኑ ሲናገር እርስዎ ሰምተዋል። ደጄ ላይ የሰሙትን ዳኛ ፊት ይናገሩልኛል፣ ወይስ ብቻዬን ልሂድ?»

ሽማግሌው ግን የተሸመገለ ነገር አደባባይ አይወጣም ተብለው ነው ያደጉት። ሰውዬውም የሚፈራ ባለጸጋ ነው።

የቀጠሮው ቀን ሴትዮዋ በክራንች የፍርድ ቤቱን ደረጃ ወጣች። ጋሽ ሰይፉ ነጠላቸውን አጣፍተው ቀድመዋት በሩ ላይ ቆመው ነበር። ይግባኝ ሰሚው ችሎት ምስክርነታቸውን ሰማ፤ ካሳውንም ከፍ አደረገላት። ዛሬ ገበያው ዳር ባለች ክፍል ተቀምጣ ሸክላዋን ትሸጣለች። ሽማግሌ ምስጢር አወጣ ብለው ላሟቸው ሰዎች ጋሽ ሰይፉ እንዲህ አሉ፦

«ድንጋዩን ያወረድኩለት እኔ ነኝ። እውነቱን ግን አብሬ አላወረድኩለትም።»

እናንተስ? ስንቶቻችሁ የተበደለች ሴት ቤት ሄዳችሁ ይቅር በይ ብላችኋል? እሱን እንችልበታለን። ጋቢ ደርበን፣ ጉሮሮ ጠርገን፣ ተበዳይን ማባበል እናውቅበታለን። ከእናንተ መካከል የሰማውን ይዞ አብሯት ፍርድ ቤት የሄደ ማን ነው? እስቲ እጁን ያውጣ።

አያችሁ?

ይቅርታ የበደለኛ መደበቂያ ዋሻ አይደለም። እናንተ የተጎዳችሁ፣ ቂሙን ጣሉ፣ ይግባኙን ግን በሉ። ኃጢአት ነው የሚላችሁ ካለ ወደ እኔ ላኩት። እናንተ ሰምታችሁ ዝም ያላችሁ ደግሞ ስሙኝ። በሰፈራችሁ ነገ ጠዋት ቀጠሮ ያላት ሴት አለች። ያንን ደረጃ ብቻዋን አትውጣው። ቀድማችኋት በሩ ላይ ቁሙ።